የሌላውን ፊት መልበስ፦ ትወና፣ ውሸትና የካርቱም ሴቶች

ተዋናይ ያልሆነውን ሆኖ፣ ያላገኘውን ሐዘን አልቅሶ፣ ያልወለደውን ልጅ ‹ልጄ› ብሎ በሰው ፊት ሲቆም ይዋሻል ወይስ አይዋሽም የሚለው ጥያቄ ከቲያትር ጋር አብሮ የተወለደ ነው፤ ሃይማኖት ሥር በሰደደበት ማኅበረሰብ ውስጥ ግን፣ በተለይም መድረኩ ላይ የቆመችው ሴት ስትሆን፣ ጥያቄው ከሊቃውንት ክርክር ወጥቶ የሕግ፣ የትዳርና የቤተሰብ ክብር ጉዳይ ይሆናል። ካርቱም ጥያቄውን ለመመርመር የምትመች ከተማ ናት። እንግሊዞች በስሟ ትልቅ ፊልም ሠርተዋል፤ ከ1989 መፈንቅለ መንግሥት በኋላ (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዘመናት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) አብዛኞቹ ሲኒማ ቤቶቿ ተዘግተዋል፤ ሲኒማ ከመምጣቱ በፊት ጀምሮ ደግሞ ሴቶቿ በዛር ቤት የሌላውን ልብስ ለብሰው፣ በሌላው ድምፅ ሲናገሩ ኖረዋል።

ተዋናይን በመክሰስ ከቀደሙት መካከል አፍላጦን፣ ዛሬ በብዛት ፕሌቶ የሚባለው የግሪክ ፈላስፋ፣ ዋነኛው ነው። ‹ሪፐብሊክ› በሚባለው ድርሳኑ ሁለት ክሶች ያቀርባል፤ አንደኛው አስመሳይ ከእውነት በብዙ እርምጃ የራቀ ነው የሚል ሲሆን፣ ሁለተኛው ደግሞ ሰው ደጋግሞ ያስመሰለው ነገር በመጨረሻ ጠባዩ ይሆናል የሚል ነው። ስለዚህም የከተማይቱ ጠባቂዎች የምታለቅስ ሴትን፣ ባሪያን ወይም እብድን አስመስለው እንዳይጫወቱ ይከለክላል። ከሁለቱ የሚከብደው ሁለተኛው ነው፤ የመጀመሪያው ክስ ሥዕልንም ተረትንም አብሮ የሚጠርግ በመሆኑ ብዙ ስለሚያረጋግጥ ምንም አያረጋግጥም፣ ሁለተኛው ግን በተዋናዩ ነፍስ ላይ ስለሚደርሰው ነገር የሚናገር በመሆኑ እስከ ዛሬ ድረስ በየእናትና አባቱ አፍ ይገኛል። ልጃቸው ተዋናይት ልትሆን የተነሣችባቸው ወላጆች የሚፈሩት ውሸቷን አይደለም፤ የምትለብሰው ጠባይ ሳይወልቅ እንዳይቀር ነው።

የሂጶው ጳጳስ አውግስጢኖስ (354–430) ነገሩን ከሌላ አቅጣጫ ይይዘዋል። በወጣትነቱ በቅርጣግና ቲያትር የተጠመደ ሰው ስለነበር ኋላ በ‹ኑዛዜ› መጽሐፉ ማንም ርዳታ ለማይጠይቅበት ሐዘን እንባውን ማፍሰሱን ነቅፏል፤ ነገር ግን በክርስትናው መባቻ በጻፈው ‹ሶሊሎኲያ› በሚባል ድርሳን ውስጥ ስለ ሮማዊው ተዋናይ ስለ ሮስኪዮስ ሲመረምር የደረሰበት ነገር ከነቀፋው ይልቅ የሚያስደንቅ ነው። ሮስኪዮስ የትሮይን ንጉሥ ፕሪያምን ሲጫወት ሐሰተኛ ንጉሥ ነው፤ ሐሰተኛ ንጉሥ ካልሆነ ግን እውነተኛ ተዋናይ ሊሆን አይችልም። የፈረስ ሥዕልም እንዲሁ ሐሰተኛ ፈረስ ካልሆነ እውነተኛ ሥዕል አይሆንም። ለአውግስጢኖስ ውሸት ማለት በልብ ያለውን ትቶ ሌላውን ለማታለል አስቦ መናገር ነው፤ ስለ ውሸት በጻፈው መጽሐፍም ቀልድን ገና ከጅምሩ ከውሸት ተራ ያወጣዋል፣ ምክንያቱም የቀልደኛው ድምፅና ሁኔታ ማንንም ለማሳሳት እንዳላሰበ ያሳብቃል። በዚሁ መንገድ ከተሄደ በተዋናይና በተመልካች መካከል ያልተጻፈ ውል አለ ማለት ነው፤ መጋረጃው፣ መብራቱ፣ የመግቢያው ትኬት ሁሉ የዚህ ውል ምስክሮች ናቸው፣ ውሉንም ሁለቱም ወገኖች ስለሚያውቁት የሚታለል የለም። በ13ኛው መቶ ዘመን ቶማስ አኳይነስ የተባለው የምዕራብ ቤተ ክርስቲያን ሊቅ የተዋናይ ሙያ በልኩ እስከተያዘ ድረስ በራሱ ኃጢአት እንዳልሆነ ሲያስተምር፣ ሰው ዕረፍትና ጨዋታ ያስፈልገዋል ብሎ ነበር።

በእስልምና ሊቃውንት ዘንድ ክርክሩ ‹ኒያ› በሚባለው፣ ማለትም ሥራን ሁሉ በሚመዝነው የልብ ሐሳብ፣ ዙሪያ ይሽከረከራል፤ አንዳንዶች ማስመሰል ራሱ ውሸት ስለሆነ ትወናን ሲከለክሉ፣ ሌሎች ዓላማው መልካም ከሆነና የሥነ ሥርዓት ወሰን ካልተጣሰ ይፈቅዱታል። ሱዳን የሱኒ አገር ብትሆንም በዚህ ነጥብ ላይ የኢራን ሺዓዎች ታዕዚያ ብዙ ያስተምራል። ታዕዚያ የነቢዩ መሐመድ የልጅ ልጅ ኢማም ሁሴን በ680 በከርበላ የተገደሉበትን መከራ የሚያሳይ የሐዘን ጨዋታ ሲሆን፣ ተጫዋቾቹ ቃላቸውን በቃላቸው የሚያውቁ ቢሆኑም የተጻፈበትን ወረቀት በእጃቸው ይዘው ይቆማሉ፤ ወረቀቱ ‹እኔ ኢማሙ አይደለሁም፣ ቃላቸውን አንባቢ ነኝ› ማለት ነው። የገዳዩን የሺምርን ቦታ የያዘው ተጫዋች ደግሞ ሰይፉን እያነሣ ራሱ ሲያለቅስ ይታያል። በ1976 ሙስጠፋ አል-አቃድ ስለ እስልምና መነሻ በሠራው ‹መልእክቱ› በተባለው ፊልም የነቢዩ ፊትም ድምፅም አልቀረበም፤ ሌሎቹ ገጸ ባሕርያት ወደ ካሜራው ዞረው ይናገራሉ፣ ካሜራውም በነቢዩ ቦታ ይሆናል። በዚህ ጥንቃቄ ውስጥ የግሪኩም የሮማውም ክርክር ያልነካው አንድ ነገር አለ። እዚህ የሚጠበቀው የተዋናዩ ነፍስ ወይም የተመልካቹ ዓይን ብቻ አይደለም፤ ፊቱ ሊለበስ የታሰበው ሰው ራሱ መብት እንዳለው ይታሰባል።

የምሥራቅ አብያተ ክርስቲያናት ተዋናይትን በተመለከተ ከሕግ ሌላ ታሪክም ይተርካሉ። ጲላግያ የአንጾኪያ ታዋቂ ተዋናይትና ጨፋሪ ነበረች፤ በጌጥና በሽቱ ተሞልታ በጳጳሳት ጉባኤ ፊት ስታልፍ ሌሎቹ ፊታቸውን ሲያዞሩ ኖኖስ የተባለው ጳጳስ ግን ትክ ብሎ አያት፣ ከዚያም ይህች ሴት ሰውን ለማስደሰት የደከመችውን ያህል እኛ ለነፍሳችን አልደከምንም ብሎ አለቀሰ ይባላል። እርሷም ተጠመቀች፣ ሀብቷን ሰጠች፣ ከዚያ በኋላ ግን የሚጠበቀውን አላደረገችም፤ የወንድ መነኩሴ ልብስ ለብሳ፣ ጲላግዮስ ተብላ፣ በደብረ ዘይት ተራራ በዋሻ ኖረች፣ ሴት መሆኗ የታወቀውም ከሞተች በኋላ ነው። ይህን ታሪክ የሚያነብ ሰው አንድ ነገር ሊያልፈው አይገባም። ጲላግያ በመድረክ ሳለች ማንንም አላታለለችም፤ ሁሉም ተዋናይት መሆኗን ያውቅ ነበር። ማንነቷን በእርግጥ የሰወረችው ከተመነኮሰች በኋላ ነው፤ ቤተ ክርስቲያንም ለዚህ አልነቀፈቻትም፣ ይልቁንም በቅዱሳን ተራ አስገባቻት። እንግዲህ ትውፊቱ ራሱ ልብስ መለወጥን በውሸት እንደማይመዝን፣ የሚመዝነው ፊቱ ወደ ማን እንደዞረ መሆኑን ሳይናገር ተናግሯል።

ወደ ካርቱም ስንመለስ ነገሩ ይበልጥ ይወሳሰባል፤ በዛር ቤት ውስጥ ተዋናይ ማን እንደሆነ እንኳ ለመናገር ያስቸግራልና። ዛር በኢትዮጵያም በሱዳንም የሚታወቅ፣ መንፈስ በሰው ላይ ያድራል፣ በተለይም በሴት ላይ፣ ከሚል እምነት የተነሣ ሥርዓት ሲሆን፣ ብዙ ተመራማሪዎች ወደ ሱዳን የዘለቀው ከኢትዮጵያ በኩል እንደሆነ ይገምታሉ። በሱዳን ሥርዓቱን የምትመራው ሴት ‹ሼካ› ትባላለች። መናፍስቱ በየነገዳቸው የተከፈሉ ናቸው፤ ‹ሐበሽ› የሚባሉት ኢትዮጵያውያን መናፍስት ቀይ ልብስና ቡና ሲጠይቁ፣ ‹ኸዋጃት› የሚባሉት አውሮፓውያን ደግሞ ባርኔጣ፣ ሲጋራና የጠርሙስ መጠጥ ይፈልጋሉ። አንትሮፖሎጂስቷ ጃኒስ ቦዲ በሰሜን ሱዳን ለረጅም ጊዜ አጥንታ በ1989 ባሳተመችው መጽሐፍ እንዳሳየችው፣ ነጭ ቶብ፣ ማለትም የሱዳን ሴቶች መላ አካልን የሚሸፍን ልብስ፣ ለብሳ፣ ዝቅ ብላ መናገር የተማረች ጨዋ ሴት ከበሮው የመንፈሷን ስልት ሲመታ ተነሥታ እንደ ቅኝ ገዥ መኮንን ደረቷን ነፍታ ትራመዳለች፣ ታዛለች፣ ታጨሳለች፤ በማግሥቱ ግን ‹ያደረገው እርሱ ነው› ትላለች፣ ሰፈሩም ይቀበላታል።

ከዚህ ቀደም ብሎ ደግሞ ፈረንሳዊው ጸሐፊ ሚሼል ሌሪስ በ1932 ጎንደር ላይ መልካም አያሁ ከምትባል ባለ ዛር ቤት ተቀምጦ፣ በአባ ጀሮም ገብረ ሙሴ አስተርጓሚነት ይህንኑ መርምሮ ነበር፤ በ1958 ባሳተመው መጽሐፍም የጎንደርን የዛር ሥርዓት ከቲያትር ጋር አነጻጽሮ፣ ነገሩ የሚጫወቱት ቲያትር ሳይሆን የሚኖሩት ቲያትር ነው ወደሚል ሐሳብ ደረሰ። ሌሪስን ያስቸገረው ነገር ግልጽ ነው። ዛር ያደረባት ሴት፣ የጎንደር ሰዎች የዛር ፈረስ የሚሏት፣ ጉሪ ስትወርድ፣ ማለትም በመንፈሱ ተይዛ አንገቷንና ትከሻዋን ስትወረውር፣ ልብሱን መርጣ ትለብሳለች፣ የመንፈሱን ፉከራ አሳምራ ታውቃለች፣ ተመልካችም አላት፤ ነገር ግን ‹አስመሰልሽ› ቢሏት ትቆጣለች፣ በዚያ ቤት አስመሳይ ተብሎ መታወቅ ትልቅ ነውር ነውና። ከመድረክ ተዋናይት የሚለያት እንግዲህ ችሎታዋ አይደለም። የመድረኳ ተዋናይት ‹እኔ ነኝ የሠራሁት› ብላ ጭብጨባውን ትቀበላለች፤ የዛር ፈረስ ‹እኔ አይደለሁም› ብላ ተጠያቂነቱን ለመንፈሱ ትተዋለች። ሃይማኖት የሚነቅፈው ሁለቱንም ቢሆንም ምክንያቱ አንድ አይደለም፤ ዛርን የሚነቅፈው በባዕድ አምልኮነቱ ነው፣ ተዋናይትን የሚነቅፈው ግን የገዛ ፈቃዷን ስለተጠቀመች ነው። በዚህ ረገድ ማኅበረሰቡ ለሴት የፈቀደው ነገር ያስገርማል፦ ያልመረጠችውን መንፈስ ልትሸከም ትችላለች፣ የመረጠችውን ገጸ ባሕርይ ግን አትችልም።

እስከዚህ ድረስ የታየው ውል ሁለት ወገን ብቻ ነበረው። የ1966ቱ ‹ካርቱም› የተባለው የእንግሊዝ ፊልም ግን ሦስተኛ ወገን መኖሩን በግድ ያሳያል። ፊልሙን ያዘጋጀው ቤዚል ዲርደን ሲሆን፣ ካርቱምን ሲከላከል የነበረውን እንግሊዛዊ ጄኔራል ጎርደንን ቻርልተን ሄስተን፣ ከተማይቱን የከበቡትን የሱዳን የሃይማኖት መሪ መሐመድ አሕመድ አል-መህዲን ደግሞ የዘመኑ የእንግሊዝ ተዋንያን አለቃ ይባል የነበረው ሎረንስ ኦሊቪየር ፊቱን በቀለም አጥቁሮ ተጫውተዋል፤ ኦሊቪየር ከአንድ ዓመት በፊትም ኦቴሎን በተመሳሳይ ቀለም ተጫውቶ ነበር። ከቤት ውጭ ያሉት ትዕይንቶች የተቀረጹት በሱዳን ሳይሆን በግብፅ ነው። ጎርደንና መህዲው በሕይወታቸው ተገናኝተው አያውቁም፤ ጎርደን በጥር 1885 ካርቱም ስትወድቅ ተገደለ፣ መህዲውም ከጥቂት ወራት በኋላ አረፉ፣ በፊልሙ ውስጥ ግን ሁለቱ ፊት ለፊት ተቀምጠው ይነጋገራሉ። ሴት በፊልሙ ውስጥ ቦታ የላትም ቢባል ማጋነን አይሆንም። ለንደን ያለ ተመልካች ኦሊቪየር መህዲው እንዳልሆነ ያውቃል፣ ቀለሙንም ያያል፣ ስለዚህ በአውግስጢኖስ ሚዛን ማንም አልተዋሸም። ሆኖም መህዲው በኦምዱርማን መቃብራቸው የሚጎበኝ፣ የብዙ ሺህ ሰዎች የሃይማኖት አባት ናቸው፤ ፊልሙ በ1966 አጋማሽ ለእይታ በበቃ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ የልጅ ልጃቸው ልጅ ሳዲቅ አል-መህዲ የሱዳን ጠቅላይ ሚኒስትር ሆነዋል። ፊቱ የተለበሰው ሰው ሩቅ ተረት አልነበረም፤ ቤተሰቡ፣ ተከታዩ፣ አገሩም በሕይወት ነበሩ፣ ሊያዩትም ሊመልሱም ይችሉ ነበር፣ የጠየቃቸው ግን የለም። ስለዚህ በትወና ላይ የሚቀርበው ትክክለኛ ክስ ‹ዋሽተሃል› ሳይሆን ‹ያልተሰጠህን ወስደሃል› የሚል ይመስላል፤ የውሸት ሳይሆን የስርቆት ክስ ነው፣ ከዐሥሩ ቃላትም የሚነካው ሌላውን ትእዛዝ ነው።

ይህ ሐሳብ ከተያዘ በኋላ አንዳንድ የቅርብ ጊዜ ሥራዎች በሌላ ብርሃን ይታያሉ። አዲስ አበባ ከኢትዮጵያዊ አባትና ከአይርላንዳዊት እናት የተወለደችው ሩት ነጋ በአይርላንድና በእንግሊዝ መድረኮችና ቴሌቪዥን ያደገች ተዋናይት ናት፤ በ2011 ለቢቢሲ በተሠራ ፊልም በሕይወት ያለችውን ዘፋኝ ሸርሊ ባሲን ተጫውታለች፣ በ2018 ደብሊን ውስጥ በጌት ቲያትር ሐምሌትን፣ ያውም ወንዱን የዴንማርክ ልዑል፣ ሆና ቀርባለች። ከሁሉም ይልቅ ለዚህ ጥያቄ የሚጠቅመው ግን በ2021 የወጣው ‹ፓሲንግ› የተባለው ፊልም ነው። ያዘጋጀችው ረቤካ ሆል ራሷ እንግሊዛዊት የፊልም ተዋናይት ስትሆን፣ የእናቷ አባት ጥቁርነቱን ደብቆ እንደ ነጭ የኖረ አሜሪካዊ ነበር፤ ኔላ ላርሰን በ1929 ያሳተመችው ልብ ወለድም ስለዚሁ ነገር ነው። ሩት ነጋ የተጫወተችው ክሌር ባሏን ሳይቀር አታልላ ነጭ ሆና የምትኖር ሴት ናት። በአንድ ፊት ላይ ሁለት ማስመሰሎች ተደርበዋል፤ የክሌር ማስመሰል ባልየው የማያውቀው ስለሆነ ውሸት ነው፣ የሩት ነጋ ማስመሰል ግን ሁሉም የሚያውቀው በመሆኑ ያን ውሸት የሚገልጥ ነው። አዘጋጇም ከራሷ ቤት የወጣን ምሥጢር ስላቀረበች የማንንም ፊት አልሰረቀችም።

በካርቱም ደግሞ የዚህ ዓይነቱ ሥራ የተሠራው እጅግ አስቸጋሪ በሆነ አፈር ላይ ነው። በ1996 የወጣው የካርቱም የሕዝብ ሥርዓት ሕግ የሴቶችን አለባበስና እንቅስቃሴ፣ የዘፈን ድግሶችንም ጭምር ሲቆጣጠር ቆይቶ የተሻረው በኅዳር 2019 ነው፤ የሴት ድምፅ ራሱ መሸፈን ያለበት ነገር ነው ወይስ አይደለም በሚለው ላይም የፊቅህ፣ ማለትም የእስልምና ሕግ፣ ሊቃውንት አንድ አይደሉም። ሱሃይብ ጋስም አል-ባሪ በ2019 ባቀረበው ‹ስለ ዛፎች ማውራት› በተባለው ዘጋቢ ፊልም ውስጥ አራት ያረጁ የፊልም ባለሙያዎች በኦምዱርማን የተዘጋ አንድ ሲኒማ ቤት ለአንዲት ምሽት እንኳ ለመክፈት ከቢሮ ቢሮ ሲንከራተቱ ይታያሉ። በዚያው ዓመት በቬኒስ ለመጀመሪያ ሥራ የሚሰጠውን ሽልማት ያገኘው የአምጃድ አቡ አላላ ‹በሃያ ዓመትህ ትሞታለህ› ደግሞ በአንድ ደርቪሽ፣ ማለትም ሱፊ ባሕታዊ፣ ትንቢት የተያዘች እናትን ያሳያል፤ እስላም ሙባረክ የተጫወተቻት ይህች እናት ልጇ በቁሙ ሳለ ጥቁር ለብሳ ሐዘን ትቀመጣለች። ትንቢትና ቀደር፣ ማለትም አምላክ አስቀድሞ የወሰነው ዕጣ፣ ራሱን የቻለ ርእስ ስለሆነ እዚህ አይዘረዘርም።

የመሐመድ ኮርዶፋኒ ‹ደኅና ሁኚ ጁሊያ› ግን የዚህን ጽሑፍ ጥያቄ በቀጥታ ይነካል። ፊልሙ የሚጀምረው በ2005 ነው፤ የደቡቡ መሪ ጆን ጋራንግ በሐምሌ መጨረሻ በሄሊኮፕተር አደጋ ሞተው ካርቱም በረብሻ በተናጠችባቸው ቀናት፤ የሚያልቀውም ደቡብ ሱዳን በ2011 በተለየችበት ጊዜ ነው። ሞና ባሏ አክራም መዝፈን የከለከላት የቀድሞ ዘፋኝ ናት። በመኪናዋ አንድ የደቡብ ልጅ ትገጭና ሸሽታ ታመልጣለች፤ የልጁ አባት ሲከተላት ባሏ ሌባ መስሎት ተኩሶ ይገድለዋል። ሞና ጸጸቱ ስላላስቀመጣት የሟቹን ሚስት ጁሊያን ፈልጋ፣ ማን እንደሆነች ሳትነግራት፣ በሠራተኝነት ወደ ቤቷ ታስገባታለች፤ ደመወዝ ትሰጣታለች፣ ልጇን ታስተምርላታለች፣ ወዳጅም ትሆናታለች። ሞናን የተጫወተችው ኢማን ዩሱፍ በእርግጥም ዘፋኝ ናት፤ ጁሊያን የተጫወተችው ሲራን ሪያክ ደግሞ ደቡብ ሱዳናዊት ሞዴል ናት።

በዚህ ታሪክ ውስጥ ዘወትር የምታስመስለው ሞና ናት። በገዛ ሳሎኗ፣ መጋረጃና መብራት ሳይኖራት፣ ተመልካቿ ትኬት ሳትቆርጥ፣ ለዓመታት ደግ አሠሪ ሆና ትጫወታለች፤ ለባሏም ታዛዥ ሚስት ሆና ትጫወታለች። ደግነቷ ባዶ አይደለም፣ ልጁ በእርግጥ ይማራል፣ ጁሊያም በእርግጥ ትወደዳለች፤ ችግሩ ጁሊያ የውሉ ተካፋይ አለመሆኗ ነው። አፍላጦን የፈራው ነገርም እዚህ ላይ ተገልብጦ ይገኛል፦ ሞና ደግነትን ደጋግማ ስታስመስል ደግነቱ ጠባይዋ ወደ መሆን ይደርሳል፣ ያም ሆኖ ከሥሩ ያለው ውሸት አልተነቀለም። በሃይማኖት ቋንቋ ይህ ንስሐ ያልቀደመው ካሣ ነው። በክርስትናም በእስልምናም የሰውን ሐቅ የነካ ሰው ለአምላኩ ብቻ ተናዞ አይፈታም፤ ሙስሊሞች ‹ሐቁል ዒባድ› የሚሉት፣ ማለትም ፍጡር በፍጡር ላይ ያለው መብት፣ ባለመብቱ ሳያውቅና ይቅር ሳይል አይሰረዝም። ሞና ሁሉንም ትከፍላለች፣ የበደለችውን ግን አትናገርም።

ኮርዶፋኒ ራሱ የሰሜን ሰው ሲሆን፣ ፊልሙ ከመገንጠሉ ድምፅ በኋላ የገዛ ወገኑን፣ ራሱንም ጨምሮ፣ ለመመርመር ከመነሣቱ የተወለደ እንደሆነ ተናግሯል፤ በጥር 2011 በተደረገው ሕዝበ ውሳኔ ከመቶ ወደ 99 የሚጠጋ መራጭ መለየትን መምረጡ የብዙ ሰሜናውያንን ዓይን ከፍቷል። ፊልሙ በግንቦት 2023 በካን ፌስቲቫል ‹ኧን ሰርተን ረጋር› በሚባለው ክፍል ቀርቦ የነፃነት ሽልማት ሲቀበል፣ በዚያ መድረክ የተመረጠ የመጀመሪያው የሱዳን ፊልም ነበር፤ ሚያዝያ 15 በተጀመረው ጦርነት ምክንያት ግን ፊልሙ የተቀረጸባት ካርቱም በዚያው ሰሞን በእሳት ውስጥ ነበረች። ከኦሊቪየር ካርቱም ጋር ሲነጻጸር ልዩነቱ የቀለም ብቻ አይደለም። በ1966 ሩቅ ያለ ኃያል የተሸነፈውን ሰው ፊት ወሰደ፤ በ2023 የበዳዩ ወገን የራሱን ፊት ለፍርድ አቀረበ፣ የተበዳዩንም ፊት ለባለቤቱ ተወ።

ሆኖም ውሉ ተሟልቷል ማለት አይቻልም፤ ይህን አለመናገር ለፊልሙ ማድላት ይሆናል። ሲራን ሪያክ ለጁሊያ ፊቷንና ድምፅዋን ሰጠች እንጂ ቃሏን አልጻፈችላትም፤ ጁሊያ መቼ ዝም እንደምትል፣ መቼ እንደምትቆጣ፣ ይቅር ማለት እንደሚቀላት ወይም እንደሚከብዳት የወሰነው ሰሜናዊ ብዕር ነው። የሞና ጸጸት ከውስጥ ታይቷል፣ የጁሊያ ሐዘን ግን በአብዛኛው የሞና ጸጸት ወደ እርሱ የሚመለከተው ነገር ሆኖ ይቀራል። በዚያ ቤት ዓመታትን የኖረችው፣ ሳህኑን ያጠበችው፣ የባልና ሚስቱን ጠብ ከወጥ ቤት ሆና የሰማችው ጁሊያ ናት፤ እርሷ ሞናን የመጻፍ ተራ ቢደርሳት የትኛዋን ሞና ትጽፍ እንደነበር ከዚህ ፊልም ውስጥ ማወቅ አይቻልም።